ዕቃህን ሲወስዱ ወረቀት ጠይቅ

አገር ቤት ዕቃው የተወሰደበት ነጋዴ መጀመሪያ የሚደውለው ጠበቃ ጋ አይደለም፤ ወረዳ ውስጥ ሰው የሚያውቅ ሰው ጋ ነው። እኔ በምኖርበት አሜሪካ ደግሞ በምግብ ጋሪ የሚነግድ ወዳጄ ጋሪው ሲወሰድበት አይቻለሁ። ተቆጣጣሪው የጋዝ ሲሊንደሩን፣ መጥበሻውንና ጃንጥላውን ሳይቀር አንድ በአንድ ጽፎ ቅጂውን ሰጠው። ወረቀቱ ላይ የት እንደሚቀመጥና እስከ መቼ ተቃውሞ ማቅረብ እንደሚቻል ተጽፏል። ወዳጄ ተናዶ ነበር፣ ግን ሌሊቱን ተኝቶ አደረ።

አዲስ አበባ ያለ ዘመዴ ግን እንቅልፍ አልነበረውም። ፈቃድህን አላደስክም ተብሎ የዳቦ ቤቱን የሊጥ ማቡኪያ አይሱዙ ላይ ጭነው ወሰዱበት። አንድም ወረቀት አልሰጡትም። መጋዘኑ ስንሄድ ማሽኑ ግቢ ውስጥ ዝናብ ይመታዋል፣ ሞተሩ ተፈቷል። «ስንረከበውም እንዲሁ ነበር» አሉን። ሞተር እንደነበረው በምን ታስረዳለህ?

አሜሪካን ገነት አድርጌ መሳል አልፈልግም። እዚህም መንግሥት ከወንጀል ጋር ተያይዟል ብሎ የሰው መኪና ይይዛል፤ ባለቤቱ ራሱ ሳይከሰስም ጭምር። እ.ኤ.አ. በ2000 የወጣው የፌዴራል ሕግ ለባለንብረቱ በአብዛኛው በ60 ቀን ውስጥ ማስታወቂያ እንዲደርሰው ያዛል። ቢሆንም እ.ኤ.አ. በ2024 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከአላባማ በመጣ የመኪና ክርክር ላይ፣ ዋናው ጉዳይ እስኪታይ ንብረቱ ተይዞ ይቆይ ወይስ አይቆይ የሚለውን ለብቻው የሚያጣራ ቅድመ ችሎት ሕገ መንግሥቱ አያስገድድም ብሏል። እኔ በዚህ ውሳኔ አልስማማም። ሠርቶ አዳሪ መኪናው ሲቆም ገቢውም አብሮ ይቆማል።

የሚያንገበግበኝ ግን የእኛ አገር ሕግ ባዶ አለመሆኑ ነው። የ1952 የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1149 ይዞታው የተነጠቀ ሰው ዕቃው እንዲመለስለትና ካሳ እንዲከፈለው መጠየቅ ይችላል ይላል። «ሁከት ይወገድልኝ» የምንለው ክስ ይህ ነው። የወሰደው ወገን ለመውሰድ መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያሻማ ሁኔታ ካላስረዳ ፍርድ ቤቱ ዕቃው እንዲመለስ ያዛል። ክሱ ግን በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ዕቃው በሐራጅ ሊሸጥ ነው የሚል ስጋት ካለ ደግሞ እግድ መጠየቅ ይቻላል። ሞተሩ ለጠፋበት ሰው አንቀጽ 2126 አለ፤ የመንግሥት ሠራተኛ በሥራው ላይ ባጠፋው ጥፋት መንግሥትም በካሳ ሊጠየቅ ይችላል።

ዕቃውን የወሰደው የፌዴራል መሥሪያ ቤት ከሆነ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 አለ። ውሳኔው በጽሑፍና ከነምክንያቱ መሰጠት አለበት። ቅር የተሰኘ ሰው መጀመሪያ እዚያው መሥሪያ ቤት ቅሬታ ያቀርባል፣ ካልሆነ ፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይሄዳል።

ይህ ሁሉ ግን ማስረጃ ይፈልጋል። የማን እጅ እንደወሰደው፣ መቼና በምን ሁኔታ እንደወሰደው ካልተጻፈ፣ ጎበዝ ጠበቃም ባዶ እጁን ነው ችሎት የሚቆመው። በሰው በሰው የተመለሰ ዕቃም ለነገ ዋስትና የለውም፤ ያ የሚያውቁት ሰው ሲቀየር እንደገና ከዜሮ ነው።

ስለዚህ ዕቃህን ሊጭኑ ሲመጡ አትታገል። የሠራተኛውን መታወቂያና የመሥሪያ ቤቱን ትእዛዝ ጠይቅ። የማሽኑን መለያ ቁጥር ከነሁኔታው ፎቶ አንሳ፣ የጎረቤት ምስክር ያዝ፣ የግዢ ደረሰኝህን አትጣል። ዝርዝር አንሰጥም ካሉህ በነጋታው «ይህን ይህን ወስዳችኋል፣ ምክንያቱን በጽሑፍ ግለጹልኝ» ብለህ በሁለት ቅጂ ጽፈህ መዝገብ ቤት አስገባ። አንዱ ቅጂ ላይ ማኅተምና ቀን ሳያሳርፉልህ ከመስኮቱ ዞር አትበል።