ለቴነሲ ፈረስ አሠልጣኞች የቀረበ ምስጋና

የቴነሲ ፈረስ ሲፈጠር ሰጋር ነው፤ ጋላቢውን ሳያንገላታ እንደ ውኃ እየፈሰሰ ይሄዳል። ከ1939 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በአሜሪካዋ የሼልቢቪል ከተማ በየዓመቱ በሚደረገው ታላቅ ውድድር ዋንጫ የሚናፍቁ አንዳንድ አሠልጣኞች ግን ፈጣሪ ሥራውን በጅምር ትቶት እንደሄደ አስተውለው፣ የቀረውን ለመጨረስ ታጥቀው ተነሥተዋል። እንዲህ ያለ ትጋት ሳይመሰገን መቅረት የለበትም።

ሙያቸው ረቂቅ ነው። ከፊት እግሮቹ ሰኮና በላይ ያለውን ቆዳ በሰናፍጭ ዘይት፣ በናፍጣ ወይም በላምባ ይቀቡና፣ ቅባቱ ጠልቆ እንዲያቃጥል በፕላስቲክ ጠቅልለው ያቆዩታል። ከሰኮናው ሥር ወፍራም ንጣፍ ደራርበው ይቸነክራሉ፤ በቆሰለው ቆዳ ላይም ሰንሰለት ያጠልቃሉ። ፈረሱ በተራመደ ቁጥር ሰንሰለቱ ቁስሉን ስለሚመታው፣ የፊት እግሮቹን ወደ ደረቱ እየወረወረ፣ ክብደቱን በኋላ እግሮቹ ላይ ጥሎ ቁጢጥ እንዳለ ይሄዳል። «ቢግ ሊክ» የሚባለው ዝነኛ አረማመድ ይህ ነው፤ ተመልካቹም ያጨበጭባል። ሕጉ የሚፈቅደው ሰንሰለት ከስድስት አውንስ፣ ማለትም ከ170 ግራም ገደማ፣ እንዳይበልጥ ነውና ርኅራኄያቸውን የሚጠራጠር ካለ ሚዛን ይዞ ይምጣ።

ከሁሉ የሚያስደንቀው ግን ለምርመራ የሚያደርጉት ዝግጅት ነው። ተቆጣጣሪው እግሩን ሲዳስሰው የሸሸ ፈረስ ከውድድር ስለሚወጣ፣ አስቀድመው ቁስሉን እየነካኩ፣ በሸሸ ቁጥር ይደበድቡታል፤ እንስሳውም ዝም ማለት ከሁለቱ ሕመሞች ቀላሉ መሆኑን ይረዳል። ትዕግሥትን በዚህ ፍጥነት የሚያስተምር ገዳም አላውቅም።

ፈረስን እንዲህ ማቁሰልን የሚከለክል ሕግ በአሜሪካ ከ1970 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አለ። አብዛኛው ቁጥጥር ግን ኢንዱስትሪው ራሱ ለቀጠራቸው ሰዎች የተተወ ነበር፤ የግብርና ሚኒስቴሩ ዋና ተቆጣጣሪ በ2010 እንዳረጋገጠው፣ የእነዚህ ሰዎች ዓይን በይበልጥ የሚበራው የመንግሥት ሐኪም አጠገባቸው ሲቆም ነበር። በ2006 የመንግሥቱ ሐኪሞች ጠበቅ ቢያደርጉ የሼልቢቪል ታላቁ ዋንጫ ባለቤት አጥቶ ቀረ። እንዲህ ያለ ጨዋነት የጎደለው ድርጊት እንዳይደገም ብዙ ተደክሟል።

ሰንሰለቱንና ንጣፉን የሚያግደው ረቂቅ ሕግ በ2019 በተወካዮች ምክር ቤት በ333 ለ96 ድምፅ አለፈ፤ ሴኔቱ ግን ሳያጸድቀው ቀረ። ቢነካኩት ንቅንቅ እንዳይል ከፈረሶቹ እኩል በሚገባ የሠለጠነው እርሱ ሳይሆን አይቀርም።