የእድሩ አልጋ ወራሽ

ዘውዱ በ1967 ቢሻርም፣ ከአዲስ አበባ ዳር ዳር አልጋ ወራሽ አልጠፋም። ቱሉ ዲምቱ ወይም የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ጎራ ያለ ያገኘዋል፤ የእድሩ ዳኛ የበኩር ልጅ ነው። በደንቡ ዳኛ የሚሾመው በምርጫ ነው። እጁን የሚያወጣ ስለማይገኝ ግን ሹመቱ በዘር ይወርዳል። አባት ሲያርፉ ንብረቱ ተቆጥሮ ለልጅ ይሰጣል፦ ድንኳን ከነብረቱ፣ አግዳሚ ወንበር፣ ብረት ድስት፣ መዝገብ፣ ማኅተም፣ የዕቃ ቤት ቁልፍ። ዘውዱ ቁልፉ ነው፤ የጠፋ ጭልፋ ሁሉ ከባለ ቁልፉ ይጠየቃልና።

የአዲሱ ንጉሥ የመጀመሪያ አዋጅ፦ ጥሩምባ ይቅር፣ መርዶ በቴሌግራም፣ መዋጮ በቴሌብር። መዋጮው ደህና ነው። የብሎክና የቤት ቁጥር አብሮ ካልተላከ ግን ብሩ በልጅ ስም ይገባና አባት ባለዕዳ ይሆናሉ። ደግሞ ቀብር የቀረ ይቀጣል አይደል? ጎረምሳው መቀጫውን ከዋዜማው ልኮ ይተኛል፤ ደንቡ ይህን አላሰበበትም። ከመርዶው ሥር ደግሞ አውራ ጣት ይለጠፋል፣ ቀጥሎ አንዱ «ባለ አንድ መኝታ የሚከራይ አለ?» ይላል።

ዋናው ጣጣ ድንኳኑ ነው። አባት አፈር ላይ ካስማ በመዶሻ ይመቱ ነበር፤ በብሎኮቹ መሀል ያለው ኮብልስቶን ካስማ አያስገባም። ስለዚህ እያንዳንዱ እግር አሸዋ ከሞላ ጆንያ ጋር ይታሰራል። አሸዋ ሲጠፋ ገመዱን ከቆመ መኪና የሚያስር ብልጥ አለ፤ ንጋት 12 ሰዓት ባለ መኪናው ወደ ሥራ ሲነሳ ድንኳኑም ይከተለዋል። ሸራው መሀሉ ከፍ፣ ዳሩ ዝቅ ብሎ ካልተወጠረ ደግሞ የነሐሴ ዝናብ ኩሬ ሠርቶ ይተኛበታል። ከሥር በመጥረጊያ እንጨት የሚገፋ አይጠፋም፤ ውሃው የሚወርደው ግን ንፍሮ በያዙት ሽማግሌ ማጅራት ላይ ነው።

«ልጄ፣ አባትህ እኮ ደመና አይተው ያውቁ ነበር።»

«ጋሼ፣ ስልኩ ዝናብ የለም ብሎ ነበር።»

በሠልስቱ ማታ ድንኳኑ ይነቀላል። «ብረት የሚሸከም 6 ሰው» ብሎ ግሩፑ ላይ ይጽፋል። ሁሉም አይቶታል። አውራ ጣቱ ይደረደራል። ሰው የለም። አልጋ ወራሹ ዕቃ ቤት ገብቶ ከድስቶቹ ጀርባ አቧራ የጠጣውን ጥሩምባ ያወጣል፣ አፉን በእጅጌው ይጠርግና ይነፋዋል። የሚወጣው የፍየል ድምፅ ነው፤ የአራተኛ ፎቅ መስኮቶች ግን አንድ በአንድ ይከፈታሉ።