መጀመሪያ ይሰማ

የባሕር ዳር ወንድሞቼና እህቶቼ፣ ዛሬ ቆጣ ብዬ ነው የምጽፍላችሁ። አንድ የመንግሥት ሠራተኛ «ገንዘብ አጉድሏል» በተባለ ቁጥር የምናደርገውን አያለሁና። በጣና ዳር ካፌዎች ማኪያቶው ሳይቀርብ ፍርዱ ይቀርባል። «እሳት በሌለበት ጭስ አይወጣም» እንላለን። ማታ ፎቶው በቴሌግራም ይዞራል። ጠዋት ልጆቹ ትምህርት ቤት ይሄዳሉ።

ሌባን ታገሡ አላልኩም። እጅ መንሻ ካልተሰጠ ፋይል የማይንቀሳቀስበትን መስኮት ሁላችንም እናውቀዋለን። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» ሲባል እየሰማን ነው ያደግነው። ንዴታችሁ ይገባኛል። የሰረቀ ይባረር። ይከሰስ። የወሰደውንም ይመልስ። ግን መጀመሪያ ይሰማ።

ሕጉም የሚለው ይህንኑ ነው። ክሱ በጽሑፍ ይደርሰዋል፤ እሱም መልስ ይሰጣል። የዲሲፕሊን ኮሚቴው ማስረጃ ይመረምራል፣ ምስክር ይሰማል፣ ከዚያ የውሳኔ ሐሳቡን ለኃላፊው ያቀርባል። ቅር የተሰኘ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። «ታዲያ እስኪጣራ ካዝናው ላይ ይቀመጥ?» ትሉኛላችሁ። አይቀመጥም። ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ከተሰጋ ለጊዜው ከሥራና ከደመወዝ ይታገዳል። ጥፋት ካልተገኘበት የተያዘበት ደመወዝ ይከፈለዋል። ማገድና ማባረር ለየቅል ናቸው።

ይህን መንገድ ማሳጠር በአገራችን ተሞክሯል። የቀድሞው የገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን የሠራተኞች አስተዳደር ደንብ ቁጥር 155/2000 አንቀጽ 37ን ያነበበ ያውቀዋል። ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠረውንና እምነት ያጣበትን ሠራተኛ፣ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥርዓት ሳይከተል እንዲያሰናብት ደንቡ ሥልጣን ሰጠው። የተሰናበተውም በየትኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ሥራው መመለስ እንደማይችል ደነገገ። አስቡት፣ ጥርጣሬ ብቻውን በቂ ሆነ። በ1987 የጸደቀው ሕገ መንግሥት፣ እሱም በአንቀጽ 37፣ ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለዳኝነት አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት አለው ይላል። ሁለቱን አንቀጾች ጎን ለጎን አስቀምጡና አንብቧቸው። አባቶቻችን «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» ያሉት እኮ እንዲህ ያለውን ነገር አይተው ነው።

አንዲት የማውቃት ገንዘብ ያዥ አለች። መሥሪያ ቤቷን አልጠራም። ኦዲተር መጣ፣ ደረሰኝ ቆጠረ፣ «ጉድለት አለ» አለ። በማግስቱ የቢሮዋ ቁልፍ ተቀየረ። ብዙም ሳይቆይ የስንብት ደብዳቤዋ ማኅተም ተመትቶበት ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ተለጠፈ። ጎደለ የተባለው ገንዘብ ግን ባንክ ገብቶ ነበር። የገቢው ስሊፕ በስህተት ከሌላ ወር ሰነድ ጋር ታስሮ ነው የቀረው። ቦክስ ፋይሉን አንድ ከሰዓት ብቻ እንድታገላብጥ ቢፈቀድላት ታወጣው ነበር። ፋይሉን እንዳትነካ ተከለከለች። ስንት ደጅ ከጠናች በኋላ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። የመመለሷን ደብዳቤ ግን ሰሌዳ ላይ የለጠፈ የለም። ዛሬም ገበያ ስትወጣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው የሚንሾካሾኩባት አሉ።

የገንዘብና የንብረት ጉዳይ ከሌላው ጥፋት በላይ ሰውዬውን መስማት ይፈልጋል። ሞዴል 19 የሚባለው ቅጽ ዕቃው መግባቱን ይናገራል። ሞዴል 22 መውጣቱን ይናገራል። በስልክ «አሁን ስጠው፣ ወረቀቱ በኋላ ይመጣል» ያለው አለቃ ግን በየትኛውም ሞዴል ላይ አልፈረመም። እሱን የሚያውቀው ብዙ ጊዜ ተከሳሹ ብቻ ነው። የተከሳሹን አፍ ስትዘጉ ያዘዘውን ሰው አዳናችሁት። ትንሹ ይባረራል፣ ትልቁ ወንበሩ ላይ ይቆያል፣ እኛም ሌባ ተቀጣ ብለን እናጨበጭባለን። ይህ ያናድደኛል።

በእርግጥ የሰረቀውም ቢሆን ከጥድፊያችን ይጠቀማል። ሥርዓቱ ተዘልሎ ከተባረረ፣ ይግባኝ ሰሚው መዝገቡን ከፍቶ መጀመሪያ የሚያየው መስረቁን ሳይሆን አለመሰማቱን ነው። ውሳኔው ይሻራል። ውዝፍ ደመወዙን ተቀብሎ ይመለሳል። ያኔ ማንን ልትወቅሱ ነው?

ከተማችን የክልል መቀመጫ ናት። ቢሮው ብዙ ነው፤ ከየዘመዱ አንድ የመንግሥት ደመወዝተኛ አይጠፋም። ነገ ስሙ የሚነሳው የእናንተው ወንድም ሊሆን ይችላል።

በዲሲፕሊን ኮሚቴ የምትቀመጡ፣ ተዘጋጅቶ የመጣላችሁን ቃለ ጉባኤ «ሌሎቹ ፈርመዋል» ስለተባላችሁ ብቻ አትፈርሙ። ክሱ ደርሶታል ወይ? መልስ የሚያዘጋጅበት ጊዜ ተሰጥቶታል ወይ? ሰነዱን አይቷል ወይ? ብላችሁ ጠይቁ። የሥራ ባልደረቦቹ፣ ለምስክርነት ስትጠሩ «እኔ የለሁበትም» ብላችሁ አትሽሹ፤ ያያችሁትን ተናገሩ፣ ቢጠቅመውም ቢጎዳውም። ሌሎቻችን ደግሞ ፎቶውን አናዙር። ያዞርን ካለን ዛሬውኑ እናጥፋ። ነጻ ከወጣም፣ ስንብቱ በተለጠፈበት ሰሌዳ ላይ የመመለሱ ደብዳቤ ይለጠፍ ብለን በግልጽ እንጠይቅ።