ክሪዎችን ስናደንቅ ናስካፒዎችን ለምን እንዘነጋለን?

ካናዳ ከነባር ሕዝቦቿ ጋር የሠራችው በጎ ነገር ሲነሳ ቀድሞ የሚጠራው ሰሜን ኬቤክ ነው፤ ከጄምስ ቤይ ዳርቻ ወደ ውስጥ የተዘረጋው ኢዩ ኢስቺ፣ የክሪዎች ምድር። ሙገሳው ከባዶ የመጣ አይደለም። ዘጠኙ የክሪ ማኅበረሰቦች የራሳቸው መንግሥት፣ የትምህርት ቦርድ፣ የጤና ቦርድ፣ የፖሊስ ኃይል፣ አየር መንገድ ሳይቀር አላቸው። ክሪዎች ከመንግሥት ጋር በተፈራረሙት የስምምነት ቤተሰብ ውስጥ ግን ሌላ ፈራሚ አለ። ቁጥሩ ከሺህ ብዙም የማይዘል፣ በአንዲት መንደር የሚኖር፣ በክሪዎች ጥላ ተሸፍኖ የቀረ ሕዝብ ነው፤ ናስካፒ ይባላል። ኬቤክና ኦታዋ (የግዛቱና የፌዴራሉ መንግሥት) ቃላቸውን ምን ያህል እንደሚጠብቁ መለካት ያለብን በእነዚህ ሰዎች ነው ባይ ነኝ። በእነሱ ስንለካው፣ ክሪዎች ያገኙት አብዛኛው ነገር የመጣው ሥራ ማስቆም ስለቻሉ እንጂ ወረቀቱ ስለሚያስገድድ እንዳልሆነ ይታያል።

ነገሩ የጀመረው በግድብ ነው። በኤፕሪል 1971 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የኬቤክ ጠቅላይ ሚኒስትር ሮበርት ቡራሳ የጄምስ ቤይን የኃይል ማመንጫ ዕቅድ ይፋ ሲያደርጉ በወንዞቹ ዳር የሚኖሩትን ክሪዎች ያማከረ አልነበረም። ክሪዎችና በስተ ሰሜናቸው የሚኖሩት ኢኑዊቶች ፍርድ ቤት ሄዱ፤ አዳኞች ቀርበው መሰከሩ፤ ዳኛ አልበር ማሉፍ በኖቬምበር 1973 ሥራው እንዲቆም አዘዙ። እግዱ የቆየው አንድ ሳምንት ብቻ ነው፤ የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ወዲያው አነሳው። ይሁን እንጂ የአገሩ መብት ጥያቄ መልስ ሳያገኝ ቢሊዮኖችን ማፍሰስ አደጋ እንዳለው ለመንግሥት ግልጽ ሆነ። ድርድሩ ተጀመረ፤ ኖቬምበር 11 ቀን 1975 የጄምስ ቤይና የሰሜን ኬቤክ ስምምነት ተፈረመ።

የስምምነቱ አንጓ መሬትን በሦስት ምድብ መክፈሉ ነው። ምድብ አንድ ማኅበረሰቡ ብቻውን የሚጠቀምበት ነው፤ ለክሪዎች 5,500 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ደርሷቸዋል። ይህ ራሱ ለሁለት ይከፈላል፦ ከፊሉ በፌዴራል፣ ከፊሉ በኬቤክ ሥልጣን ሥር ያድራል። ከመንግሥት በቀር ለማንም ሊሸጥ አይችልም። ማዕድኑ የኬቤክ ሆኖ ይቀራል፤ ለማውጣት ግን የማኅበረሰቡ ፈቃድና ካሳ ያስፈልጋል። ምድብ ሁለት ወደ 70,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ሲሆን፣ አደኑ፣ ዓሣ ማስገሩና ወጥመዱ ለእነሱ ብቻ የተጠበቀ ነው። ኬቤክ ለልማት ከፈለገችው መውሰድ ትችላለች፤ ነገር ግን ምትክ መሬት ወይም ካሳ ትሰጣለች። የቀረው ሰፊው አገር ምድብ ሦስት ነው፤ ሁሉም የሚጠቀምበት፣ ግድቡም ማዕድኑም ደን ቆራጩም የሚሰማራበት። ክሪዎች ይህን ለማግኘት በቀረው መሬት ላይ የነበራቸውን የባለቤትነት ጥያቄ ትተው ፈርመዋል። ከዚያ የከፋው፣ ስምምነቱን ያጸደቀው የ1977ቱ የፌዴራል ሕግ ያልፈረሙትን፣ ለምሳሌ ኢኑዎችን (ከኢኑዊቶች የተለዩ ሕዝብ ናቸው)፣ መብት ጭምር በዚያ ክልል አክስሟል። ስምምነቱን አርአያ የሚያደርጉ ሰዎች ይህን አንቀጽ ሲጠቅሱ እምብዛም አይሰማም።

ከፊርማው በኋላ የተከተለው ሩብ ክፍለ ዘመን ሙግት ነበር። ስምምነቱ ስለ ማኅበረሰብና ኢኮኖሚ ልማት ቃል ሲገባ ማን፣ መቼ፣ ስንት ይከፍላል የሚለውን በብዙ ቦታ ክፍት ትቶታል። ክፍት የተተወ ግዴታ ደግሞ በየዓመቱ በጀት ሲዘጋ መጀመሪያ የሚቆረጥ ነው። በ1984 የወጣው የክሪ–ናስካፒ ሕግ የአካባቢ አስተዳደሩን ነባር ሕዝቦችን ከሚገዛው አሮጌ የፌዴራል «የኢንዲያን ሕግ» አላቀቀ፤ በካናዳ የመጀመሪያው እንዲህ ያለ ሕግ ነው። አፈጻጸሙን የሚከታተል ኮሚሽንም አቋቋመ። ኮሚሽኑ አቤቱታ ይመረምራል፣ በየሁለት ዓመቱ ለፓርላማ ሪፖርት ያቀርባል፤ ማስገደድ ግን አይችልም።

ሚዛኑን የለወጠው ሁለተኛው ግድብ ነው። ኬቤክ የግሬት ዌል ወንዝን ልትገድብ ስትነሳ ክሪዎችና ኢኑዊቶች በ1990 በጀልባ ኒውዮርክ ድረስ ሄደው የኤሌክትሪኩን ገዢዎች አነጋገሩ። በ1994 የኬቤክ ጠቅላይ ሚኒስትር ዣክ ፓሪዞ ዕቅዱን አቆሙት። ከዚያ ወዲህ ያለ ክሪዎች ስምምነት በሰሜን ትልቅ ግንባታ ማካሄድ ውድ እንደሚሆን ሁሉም ያውቀዋል። በፌብሩዋሪ 2002 በዋስካጋኒሽ የተፈረመው «የጀግኖች ሰላም» የዚህ ዕውቀት ፍሬ ነው። ኬቤክ ለ50 ዓመት በድምሩ ቢያንስ 3.5 ቢሊዮን ዶላር ትከፍላለች፤ የመጀመሪያው ዓመት 23 ሚሊዮን፣ ሁለተኛው 46፣ ከዚያ በኋላ በየዓመቱ 70 ሚሊዮን፣ እሱም ከኃይል፣ ከደንና ከማዕድን እንቅስቃሴ ጋር ከፍ እያለ የሚሄድ። በምላሹ ክሪዎች ክሶቻቸውን አነሱ፤ ኬቤክ በልማቱ በኩል የነበረባትን ግዴታ ራሳቸው ተረከቡ፤ የሩፐርት ወንዝ ለኃይል ማመንጫ ወደ ሌላ አቅጣጫ እንዲቀለበስም ፈቀዱ። የመጨረሻው ብዙዎችን እስከ ዛሬ ያንገበግባል። የመጀመሪያው ግድብ በተሠራበት በላ ግራንድ ወንዝ እንደታየው፣ በውሃ የተዋጠ ዕፅዋትና አፈር ሲበሰብስ ሜርኩሪ ወደ መርዛማ መልኩ ይለወጣል፤ በዓሣ በሊታ ዓሦች ሥጋ ውስጥ ይከማቻል፤ ወደ ቀድሞ መጠኑ እስኪወርድም አሥርት ዓመታት ይፈጃል። ዓሣውን የሚበላው ሰው ገንዘቡ እንዲህ ያለውን ጉዳት አይመልስም ቢል ሊፈረድበት አይገባም።

ያም ሆኖ በዚህ ውል ውስጥ እኔ ከገንዘቡ በላይ የማደንቀው የደን ምዕራፉን ነው። የክሪ ምድር ከጥንት ከ300 በሚበልጡ የቤተሰብ የአደን ቀጣናዎች የተከፋፈለ ነው፤ እያንዳንዱን የሚመራ፣ የት ማደን እንደሚቻል፣ የቱ ጎን ዘንድሮ ማረፍ እንዳለበት የሚወስን አባወራ አለው። በፊት የደን ቆረጣ ዕቅድ የሚወጣው ኩባንያውና ሚኒስቴሩ በሚያውቁት ካርታ ሲሆን፣ አንድ ቤተሰብ ቀጣናው በጥቂት ዓመታት ውስጥ ተራቁቶ ያገኘዋል። የ2002ቱ ውል የቤተሰቡን ቀጣና ራሱን የዕቅዱ መለኪያ አደረገው። ከእያንዳንዱ ቀጣና 1 በመቶ እንደ መቃብር፣ ሰፈርና ድብ ዋሻ ላሉ ልዩ ቦታዎች ይያዛል፤ 25 በመቶ ለአራዊት ጠቃሚ ደን ተብሎ ቆረጣው ይገደባል፤ ቁመቱ ከ7 ሜትር የሚበልጥ ደን ከ30 በመቶ በታች እንዳይወርድ ይደረጋል። ቆረጣውም አንድ ሰፊ ሜዳ እንዳይፈጥር ቁርጥራጭ ሆኖ ይበተናል። ከአባወራው ጋር ሳይመከር ዕቅድ አይጸድቅም። ችግሩ እሳት ነው። እንደ 2023 ያለ የቃጠሎ ወቅት ሲመጣ የአንድ ቤተሰብ ቀጣና ከመቶው ስሌት ውጭ ይሆናል፤ የተቃጠለውን እንጨት ሳይበላሽ ለማውጣት የሚደረገው ጥድፊያም ምክክሩን ያሳጥረዋል።

የአስተዳደሩ እርከን በ2014 ሌላ ደረጃ ደረሰ። ቀድሞ ምድብ ሦስትን ያስተዳድር የነበረው የጄምስ ቤይ ማዘጋጃ ቤት የነጮቹ ከተሞች ብቻ ነበር። በቦታው የተተካው የኢዩ ኢስቺ ጄምስ ቤይ ክልላዊ መንግሥት 11 የክሪ፣ 11 ደግሞ ከቺቡጋሞ፣ ሻፔ፣ ማታጋሚና ከመሰል ከተሞች የሚመጡ ተወካዮች ያሉት ነው፤ ሊቀ መንበርነቱ ይፈራረቃል። በ2018 ደግሞ ከኦታዋ ጋር የተደረገው የአስተዳደር ስምምነት ሥራ ላይ ዋለ። ከዚያ ወዲህ የክሪ ሕጎች የፌዴራል ሚኒስትር ቁጥጥርም ማጽደቂያም አይጠብቁም።

እዚህ ላይ ናስካፒዎች ይመጣሉ። በ1984ቱ ሕግ ከክሪዎች ጋር አንድ ጣሪያ ሥር ነበሩ። ክሪዎች በ2018 ወጥተው የራሳቸውን ቤት ሲሠሩ የሕጉ ስም ተለወጠ፤ ናስካፒዎች ብቻቸውን በአሮጌው ቤት ቀሩ።

ታሪካቸው በአጭሩ ይህ ነው። በ1956 ሕዝቡ ከሞላ ጎደል ከፎርት ቺሞ ተነሥቶ፣ አብዛኛውን መንገድ በእግሩ፣ የብረት ማዕድን ወደሚወጣባት ሼፈርቪል ወረደ። ታሞና ተዳክሞ ነው የደረሰው። ለዓመታት ከኢኑዎች ጋር ተዳብሎ ኖረ። ጃንዋሪ 31 ቀን 1978 የሰሜን ምሥራቅ ኬቤክ ስምምነትን ፈረሙ፦ ምድብ አንድ 326 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ ምድብ ሁለት 4,144 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ ካሳ 9 ሚሊዮን ዶላር። ከከተማው 16 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀው ካዋዋቺካማችን ሠሩ። የመንደሯ ቤቶች ገና እየተጠናቀቁ ሳለ፣ በ1982፣ የማዕድን ኩባንያው መዝጋቱን አስታወቀ። ስምምነቱ የታሰበው ሥራ፣ ሱቅ፣ ሆስፒታልና ባቡር ያላት ከተማ አጠገብ ለመኖር ነበር፤ ከተማዋ ግን ተበተነች። በ1990 የተጨማሪ አፈጻጸም ስምምነት መፈረም ግድ የሆነውም ለዚህ ነው።

የክሪዎችን ተቋማት አጠገቡ አስቀምጡና እዩት። ክሪዎች ከ1978 ጀምሮ የራሳቸው የትምህርት ቦርድ አላቸው፤ የናስካፒዎቹ ብቸኛ ትምህርት ቤት ዋና መሥሪያ ቤቱ በደቡብ በሆነ የእንግሊዝኛ ትምህርት ቦርድ ሥር ነው። ክሪዎች በክልላዊ መንግሥታቸው ግማሹን ወንበር ይዘዋል፤ ናስካፒዎች በኢኑዊቶቹ የካቲቪክ ክልላዊ ምክር ቤት ያላቸው አንድ ወንበር ነው። በስፋቱ ከጀግኖች ሰላም ጋር የሚተካከል ውልም የላቸውም። ሁለቱንም ያስፈረሙት ኬቤክና ኦታዋ ናቸው፤ የስምምነቶቹ አጥንትም አንድ ነው። ልዩነቱን ያመጣው ናስካፒዎች ሊያስቆሙት የሚችሉት ግድብ አለመኖሩ ነው።

ካሪቡ፣ ማለትም የሰሜን አጋዘን፣ ሌላው ማሳያ ነው። ናስካፒዎች የኖሩበት የጆርጅ ወንዝ መንጋ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ከ700,000 በላይ ይገመት ነበር፤ በ2020 ቆጠራ 8,100 ያህል ቀርቷል። ስምምነታቸው የሚሠራው በኬቤክ ወሰን ውስጥ ብቻ ሲሆን፣ መንጋው ግን የጎረቤቱ ግዛት የኒውፋውንድላንድና ላብራዶር ክፍል የሆነችውን ላብራዶርን እየረገጠ ይመላለሳል። የዚያ ግዛት መንግሥት በ2013 አደኑን ለሁሉም ከለከለ። በአንድ በኩል በስምምነት የተረጋገጠ የአደን መብት፣ በሌላ በኩል የሚታደን የሌለበት ጫካ። ሼፈርቪል አካባቢ ያሉት የብረት ማዕድኖችም የግዛት ወሰኑን ተሻግረው የተኙ በመሆናቸው ናስካፒዎች ከኩባንያዎች ጋር የሚዋዋሉት የ1978ቱ ስምምነት በማይከተላቸው መሬት ላይ ጭምር ነው።

ትንሽ ናቸው፣ የራሳቸውን ቦርድና መሥሪያ ቤት መሸከም አይችሉም የሚል መከራከሪያ ይቀርባል። ግማሽ እውነት አለው፤ ለአንድ መንደር ሙሉ የጤና ቦርድ ማቋቋም ገንዘቡን በደመወዝ መጨረስ ነው። መልሱ ግን ከባቡሩ ይገኛል። ወደ ሼፈርቪል ከውጭ የሚያስገባ የመኪና መንገድ የለም። የማዕድን ኩባንያው የባቡር መስመሩን የሰሜን ክፍል ሲለቅ በ2005 የተረከበው ሺዌቲን የተባለ ድርጅት ነው፤ ባለቤቶቹ ናስካፒዎችና ሁለት የኢኑ ማኅበረሰቦች ሲሆኑ ሦስቱም እኩል ድርሻ አላቸው። ሰውም፣ ምግብም፣ ነዳጅም የሚገባው በዚያ ነው። ትንሽ ሕዝብ ብቻውን የማይሸከመውን ከጎረቤቱ ጋር ይሸከማል፤ የሚያስፈልገው የመንግሥት ድጎማ የማያቋርጥ መሆኑ ነው።

በቋንቋ በኩል የኛ አንባቢ ነገሩን ከማንም በላይ ይረዳዋል። ክሪዎችም ናስካፒዎችም የሚጽፉት በሲላቢክ ፊደል ነው፤ ፈጠራው በተለምዶ በ1840 ለነበረው ሚስዮናዊ ጄምስ ኢቫንስ ይሰጣል፣ በክሪዎች የቃል ታሪክ ደግሞ ኮሊንግ ባጀር ለተባለ የራሳቸው ሰው። እኛ ከግዕዝ ወደ ካዕብ ስንሄድ በፊደሉ ላይ ቅጥያ እንጨምራለን፤ እነሱ ያንኑ ፊደል ያዞሩታል፣ አቅጣጫው አናባቢውን ይነግራል። ዩኒኮድ በተባለው የኮምፒውተር ፊደላት መዝገብ ውስጥም የእነሱና የእኛ ፊደላት የገቡት በአንድ ጊዜ፣ በ1999ኙ ሦስተኛ ዕትም ነው። አናባቢው ሲረዝም ክሪዎች በትምህርት መጻሕፍታቸው በነጥብ ያሳያሉ፤ የናስካፒ አጻጻፍ አያሳይም፣ እኛ ጥብቀትን እንደማናሳይ ሁሉ። ስለዚህ ለክሪ ሕፃን የታተመ መጽሐፍ እንዳለ ለናስካፒ ሕፃን አይሰጥም፤ ንግግሩም ይለያያል፣ ለአንድ ትምህርት ቤት ሁሉም ነገር ከዜሮ ይዘጋጃል። ክሪዎች በ2019 የቋንቋ ሕግ አውጥተው፣ በራሳቸው ሥልጣን ካወጧቸው ሕጎች የመጀመሪያው አድርገውታል። እንዲህ ያለ ሕግ የሚሠራው መጽሐፍ የሚያዘጋጅ፣ መምህር የሚያሠለጥን በጀት ሲኖረው ነው። ናስካፒዎች በቋንቋቸው መዝገበ ቃላትና ሙሉ አዲስ ኪዳን አሳትመዋል፤ ለቁጥራቸው ትልቅ ሥራ ነው፣ ነገር ግን የሒሳብና የሳይንስ መጽሐፍ በዚያ መንገድ አይሞላም።

አሁን አንድ ቀን እየቀረበ ነው። ኦታዋ በ2008 ከክሪዎች ጋር የፈረመችው የ1.4 ቢሊዮን ዶላር ስምምነት ለ20 ዓመት ነው፤ በ2028 ያበቃል። ክሪዎች ተዘጋጅተው እንደሚገቡ አልጠራጠርም፤ ጠበቃም፣ ልምድም፣ ካርታም አላቸው። ናስካፒዎች በዚያው ጊዜ የራሳቸው ጠረጴዛ ሊዘረጋላቸው ይገባል። በዚያ ጠረጴዛ ላይ በዓመት የተቆረጠና ከማዕድን እንቅስቃሴው ጋር የሚያድግ ክፍያ፣ እንደ ክሪዎቹ ከሚኒስትር ማጽደቂያ ነፃ የሆነ ሕግ የማውጣት ሥልጣን፣ ትምህርት ቤታቸውን ከሩቅ ቦርድ የሚያላቅቅ ዝግጅት መነሣት አለበት፤ ላብራዶርም ስለ ካሪቡና ስለ ብረቱ ሲወራ ወንበር ስባ መቀመጥ ይኖርባታል፤ እስካሁን ፈራሚ አይደለሁም ብላ ከዚህ ሁሉ ውጭ ኖራለች።