መሬት ሰው አትውጥም

ወገኖቼ፣ በተለይ ቨርጂኒያና ሜሪላንድ ያላችሁ፣ ቅዳሜ ሲደርስ ጫማችሁን አጥብቃችሁ ወደ ሸናንዶዋ ብሔራዊ ፓርክ የምትነዱ፣ ዛሬ ነገሬ ከእናንተ ጋር ነው። ከራሴም ጋር ነው፤ ጥፋቱ እኔም ዘንድ እንዳለ ወረድ ብዬ እናገራለሁ።

ማታ ማታ ምን እንደምትሰሙ አውቃለሁ፣ እኔም እሰማለሁና። ከኋላ የሚያስፈራ ሙዚቃ አለ፤ አንድ ጎርናና ድምፅ «በአሜሪካ ብሔራዊ ፓርክ ውስጥ በጠራራ ፀሐይ ተሰወረ፤ ልብሱ ብቻ ድንጋይ ላይ ተገኘ» ይላል። ከሥር አስተያየቱ ይጎርፋል፦ «ጋኔን ነው»፣ «መንግሥት የሚደብቀው ነገር አለ»፣ «መሬት ዋጠችው»። በማግሥቱ ያው አስተያየት ሰጪ አንድ ጠርሙስ ውሃና አንድ ፌስታል ቆሎ ይዞ፣ ለማንም ሳይናገር ተራራ ይወጣል። የሚያናድደኝ ይኼ ነው። ጋኔን የሚፈራ ሰው ዝናብ እንዴት አይፈራም?

ሜይን በሚባለው የአሜሪካ ግዛት የሆነውን ስሙ። በአውሮፓ አቆጣጠር ጁላይ 2013 ነው። የ66 ዓመት ሴት፣ ጡረታ የወጣች ነርስ፣ አፓላቺያን ትሬይል በሚባለው ረጅም የእግር መንገድ ላይ ሦስት ወር ያህል ስትጓዝ ቆይታለች። ጀማሪ አይደለችም። አንድ ጠዋት ለሽንት ከመንገዱ ወጣ አለች። ስትመለስ መንገዱ የለም። ለባሏ ከመንገድ ወጥቼ ጠፋሁ፣ እርዳታ ጥራልኝ የሚል የጽሑፍ መልእክት ጻፈች፤ ኔትወርክ ስላልነበረ አልሄደም። ኔትወርክ ፍለጋ ሽቅብ ወጣች፣ ደጋግማ ላከች፣ አንዱም አልደረሰም። በሳተላይት የድረሱልኝ ጥሪ የሚያስተላልፈው መሣሪያዋ ካረፈችበት ሞቴል ቀርቷል። በመጨረሻ ድንኳኗን ተክላ ተቀመጠች። ቢያንስ 26 ቀን በሕይወት ነበረች፤ ይህ የታወቀው ማስታወሻ ትጽፍ ስለነበር ነው። ውሻ የያዙ ፈላጊዎች ሳያዩዋት በአቅራቢያዋ አልፈዋል። የተገኘችው በኦክቶበር 2015 ነው፣ ከመንገዱ ሦስት ኪሎ ሜትር እንኳ በማይሞላ ርቀት። ሬሳዬን ስታገኙ ለባሌና ለልጄ ደውሉ፣ ስንት ዓመት ቢያልፍም መሞቴንና የት እንደተገኘሁ ማወቃቸው ትልቅ ውለታ ይሆንላቸዋል ብላ ጽፋ ነበር።

ከመጥፋቷ እስከ መገኘቷ ባሉት ሁለት ዓመታት እሷም ከ«ተሰወሩት» አንዷ ነበረች። በዚያ መካከል ታሪኳን የሰማ ሰው ያችን ለሽንት የተወሰደች ትንሽ እርምጃ እንዴት ብሎ ያስባታል?

«ልብሱስ?» ትሉኛላችሁ። ሰውነት ክፉኛ ሲቀዘቅዝ፣ ወደ መጨረሻው ላይ፣ ተኮማትረው የቆዩት የቆዳ ደም ሥሮች ይላላሉ። ያ የሚሞት ሰው በድንገት በሙቀት የተቃጠለ ይመስለውና ልብሱን ያወልቃል። ከዚያ እንደ አውሬ ተሳቦ ከግንድ ሥር ወይም ከድንጋይ ሥር ይገባል፤ ፈላጊ በአጠገቡ አልፎ የማያየውም አንዳንዴ ለዚህ ነው። ለዚህ ደግሞ በረዶ አያስፈልግም። ዝናብና ነፋስ ካለ፣ 10 ዲግሪ ሴልሺየስ ላይ የጥጥ ሹራብ የለበሰ ሰው ይበቃል። የጠፋ ሰው ክብ ይዞራል የሚባለውንም ነገር ቢሆን፣ በ2009 የጀርመኑ የማክስ ፕላንክ የምርምር ተቋም ተመራማሪዎች ሰዎችን ጫካና ሰሐራ በረሃ ወስደው ቀጥ ብላችሁ ሂዱ አሏቸው። ፀሐይ የታየቻቸው ቀጥ ብለው ሄዱ። ጫካ ውስጥ ደመና የሸፈነባቸው ግን ሳይታወቃቸው ዞረው የገዛ ዱካቸውን አቋረጡ፤ ቀጥ ብለው የሄዱ እየመሰላቸው። አገር ቤት ቢሆን «ጅኒ አዞረው» ይባል ነበር።

የእኛን ችግር ግን ከሁሉ በላይ የሚያሳየኝ ካሊፎርኒያ ያለው በረሃ፣ የዴዝ ቫሊው ታሪክ ነው። በጁላይ 1996 ከጀርመን የመጡ አራት ሰዎች፣ ሁለቱ ሕፃናት፣ በኪራይ ሚኒቫን ወደዚያ በረሃ ገብተው ቀሩ። በዓለም ከተመዘገበው ሙቀት ሁሉ የበለጠው፣ 56.7 ዲግሪ፣ በዚያው ሸለቆ የተለካ ነው። መኪናቸው በኦክቶበር መኪና ሊሄድበት በማይገባ ደረቅ ወንዝ ውስጥ፣ ጎማው ተንፍሶ ተገኘ። ሰዎቹ የሉም። አሥራ ሦስት ዓመት ስንት ዓይነት ወሬ ተወራባቸው! በኖቬምበር 2009 የአዋቂዎቹን አጥንት ያገኘው በትርፍ ጊዜው ፍለጋ የሚወጣ አንድ ፈቃደኛ ነው። ካርታውን በእነሱ ዓይን አየው፦ ወደ ደቡብ የጦር ሰፈር ተጽፏል፤ አውሮፓ ውስጥ የጦር ሰፈር ማለት አጥርና ዘብ ነው፤ እዚያ ከደረስን ሰው እናገኛለን ብለው ይሆናል አለ። ወደዚያው ሄደ፣ አገኛቸው። አሜሪካ ውስጥ ግን የዚያ ሰፈር ወሰን ዘብ የሌለው ባዶ በረሃ ነበር።

ወገኖቼ፣ የእኛስ የጦር ሰፈር ምንድን ነው? እረኛ ነው! አገራችን ገደል አፋፍ ላይ ተቀምጣችሁ ዳቦ ብትቆርሱ፣ ከየት እንደመጣ የማይታወቅ ልጅ ዱላውን ትከሻው ላይ አጋድሞ ከጎናችሁ ይቆማል። «ወዴት ናችሁ?» ይላል። መንገድ ያሳያል፤ ባያሳይ እንኳ ማታ ቤቱ ገብቶ «ሦስት ፈረንጅ የመሰሉ ሰዎች ወደ ታች ወረዱ» ብሎ ያወራል። ሰሜን ተራሮች ፓርክ ውስጥ እንኳ የሰው ዓይን አይጠፋም። እኛ ይዘን የመጣነው ይህን እምነት ነው፤ ሳናስበው «ሰው አላጣም» ብለን እንወጣለን። እዚህ የሰው ዓይን ያለው ምልክት በተቀባበት መንገድ ላይ ብቻ ነው። ሃምሳ እርምጃ ወደ ጎን ስትወጡ የሚያያችሁ ድብና አጋዘን ነው፤ ድብ ደግሞ ማታ ቤቱ ገብቶ አያወራም።

ጥፋቴን ልናገር። ቅጠሉ በሚቀላበት ጊዜ አምስት ሆነን ሸናንዶዋ ወጣን። ከቤት የወጣነው ቡናው ሦስተኛው ደርሶ፣ ከቀትር በኋላ ነው። ቤት ለቀረ ሰው የነገርነው «ተራራ ነገር እንሄዳለን» ብቻ። የአክስቴ ልጅ የጫማውን ማሰሪያ ሊያጠብቅ ጎንበስ ብሎ «ሂዱ፣ እደርስባችኋለሁ» አለ፤ ሄድን። ሩብ ሰዓት ቆይተን ዞር ስንል የለም። እየተጣራን ሁለት ሰዓት ፈለግነው። ፊሽካና የእጅ ባትሪ ነበረኝ፤ መኪናው ውስጥ። ፀሐይ ልትገባ ስትል ከመንገዱ ሰማንያ እርምጃ ያህል ወረድ ብሎ፣ ከጉብታ ማዶ፣ እርጥብ ቅጠል ላይ ተቀምጦ አገኘነው። ድምፃችንን ሲሰማ ነበር። ቋጥኙ ድምፃችንን እየመለሰ ከታች የምንጠራው አስመስሎበት፣ በጠራነው ቁጥር ቁልቁል ይወርዳል። ሲያየን የመጀመሪያ ቃሉ «ለእማዬ እንዳትነግሩ» ነበር።

ያን ቀን ሬንጀር፣ የፓርኩን ጠባቂ፣ አልጠራንም። ለምን? እውነቱን እንነጋገር፦ አንዳችን «ሄሊኮፕተር ከመጣ ቤት ያሸጣል» አለ፣ ሌላው ስለ ወረቀቱ ፈራ፣ እኔ ደግሞ አፈርኩ። የብሔራዊ ፓርክ አገልግሎት ሰው ፈልጎ ለማዳን አያስከፍልም። ወደ ሆስፒታል የሚያደርስ የግል አምቡላንስ ሌላ ሒሳብ ነው፤ ቢሆንም ከአስከሬን መላኪያ ይረክሳል። 24 ሰዓት ጠብቁ የሚባለውም ተረት ነው። ሰው ሲጠፋ ወዲያው 911 ትደውላላችሁ።

ደግሞ «ሆ» ብለን የመውጣት ልማዳችን አለ። የሚመሰገን ልማድ ነው፣ ለቅሶም ሠርግም ቆሞ የሚሄደው በእሱ ነው። ጫካ ውስጥ ግን ዱካ ያጠፋል። በጁን 1969 በግሬት ስሞኪ ተራሮች ፓርክ ሰባት ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀን የቀረው ልጅ፣ ከልጆች ጋር ተደብቆ ትልልቆቹን ሊያስደነግጥ ሲል ጠፋ። የዚያኑ ማታ ኃይለኛ ዝናብ ወረደ። ፈላጊው እየበዛ ሄዶ እስከ 1,400 ሰው ደረሰ፤ ወታደሩ፣ ተማሪው፣ ጎረቤቱ። ያ ሁሉ እግር፣ ከዝናቡ የተረፈውን የልጁን ዱካ ረገጠው። ልጁ እስከ ዛሬ አልተገኘም። በዚያ ልጅ ላይ ምን እንደደረሰ የሚያውቅ የለም፤ እናንተም አታውቁም፣ ስለዚህ በአባቱ ኀዘን ላይ ሙዚቃ አትጨምሩበት። የእኛ ሰው ሲጠፋም «ሚስቱ ናት»፣ «ዕዳ ነበረበት» እያላችሁ የአፋልጉኝ ማስታወቂያ ሥር የምትጽፉ፣ እናቱ ጎንደር ሆና እያነበበች ነው። የሚጠቅም ነገር ካላችሁ የለበሰውን ጃኬት ቀለምና የጫማውን ዓይነት ጻፉ።

የጫማ ነገር ትንሽ መስሏችሁ እንዳትስቁ። ፈላጊ ቀድሞ ከሚጠይቀው አንዱ ሶሉ ምን ይመስላል የሚለው ነው። በ1981 ካሊፎርኒያ ፓሎማር ተራራ ላይ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ጠፍቶ ከሞተ በኋላ፣ ለሕፃናት «ስትጠፋ አንድ ዛፍ አቅፈህ ቁም፣ አትዙር» የሚል ትምህርት ተጀመረ። ወላጆች ደግሞ ፎይል ፎጣ ላይ ዘርግተው ልጁን ጫማውን እንዳደረገ ያስቆሙታል፤ የሶሉ ቅርጽ ይቀራል። ጠፋ ከተባለ ፈላጊው የትኛው ዱካ የእሱ እንደሆነ ያውቃል። ዳቦ የምንጠቀልልበት ያው ፎይል ነው።

አክስቴ ነገሩን ሰማች፣ ከሦስት ሳምንት በኋላ ማኅበር ላይ፣ ከማን እንደሰማች አልናገርም። አልጮኸችም። በቀጣዩ ቅዳሜ ልንወጣ ስንል በሩ ላይ ፎጣ አንጥፋ፣ ፎይል ዘርግታ ቆማ አገኘናት። «እርገጥ» አለችው ልጇን። ረገጠ። በላዩ በእስክሪብቶ የመንገዱን ስም፣ መኪና የምናቆምበትን ቦታ፣ የምንመለስበትን ሰዓት በአማርኛ ጻፈችና ፍሪጁ ላይ በማግኔት ለጠፈችው። «ከዚህ ሰዓት አንድ ሰዓት ካለፋችሁ ለፖሊስ ነው የምደውለው፤ እንግሊዝኛዬ ለዚያ ይበቃል» አለች። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች፣ ጫማዬን አየችና ሌላ ፎይል ቀደደች።