ክርክር፦ ዳፍኒ ማትዚያራኪ ከሌስቦስ ወደ ኬንያ መሻገሯ ልክ ነበር?

ዳፍኒ ማትዚያራኪ ግሪካዊት የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ ናት። በግሪኳ ደሴት በሌስቦስ የቀረጸችው «4.1 ማይልስ» የተባለው አጭር ፊልሟ በ2016 ወጥቶ ለኦስካር ታጭቷል። በ2024 ደግሞ ከኬንያዊው ፒተር ሙሪሚ ጋር ስለ ኬንያዋ ላይኪፒያ የመሬት ግጭት የሠራችው «ዘ ባትል ፎር ላይኪፒያ» በሰንዳንስ ፌስቲቫል ታየ (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ ናቸው)።

ልክ አልነበረም

የሌስቦሱን ፊልም ያላያችሁ እባካችሁ እዩት። ግማሽ ሰዓት አይሞላም። ከቱርክ ጠረፍ እስከ ደሴቲቱ 4.1 ማይል ነው፣ ስድስት ኪሎ ሜትር ተኩል ገደማ፤ በ2015 በዚያች ጠባብ ባሕር ላይ በጎማ ጀልባ ሲሻገር ስንት የስደተኛ ቤተሰብ ሰጠመ። ካሜራዋ የሚከተለው ኪርያኮስ ፓፓዶፖሎስ የተባለ የጠረፍ ጥበቃ ካፒቴን ነው። ሥራው ድንበር መቃኘት የነበረ ሰው በድንገት ሕፃናት ከውኃ ይጎትት ጀመር። ከባሕር የወጣን ልጅ ነፍስ ለመመለስ ሲሯሯጡ እናያለን፤ ቁጭ ብሎ የሚተነትን ባለሙያ የለም። ይህን ያገኘችው የአገሩ ልጅ ስለሆነች፣ ቋንቋቸው ቋንቋዋ ስለሆነ ነው። ካፒቴኑ በ2018 በ44 ዓመቱ ሞተ። በ2020 በዚያው ደሴት የነበረው የሞሪያ የስደተኞች ካምፕ ነደደ። እሷ ግን ፊቷን ወደ ኬንያ አዙራ ነበር። ያቺን ደሴት እንደሷ የሚያውቅ ካሜራ ከየት ይምጣ?

ልክ ነበር

እህቴ፣ ስለ መጀመሪያው ፊልም አልከራከርሽም። ግን የአገሩ ልጅ ብቻ ይቅረጽ ካልሽ፣ ላይኪፒያ የሄደችው ብቻዋን አይደለም፤ ሙሪሚ የአገሩ ሰው ነው፣ ፕሮዲዩሰሯ ቶኒ ካማውም ኬንያዊት ናት። ደግሞ ጉዳዩ ይከብዳል። ሌስቦስ ላይ ማን መዳን እንዳለበት ለማወቅ ማሰብ አያስፈልግም፣ ሰው እየሰጠመ ነው። ላይኪፒያ ግን በ1911 ከእንግሊዞች ጋር በተፈረመ ውል ማሳዮች ተነስተው ወደ ደቡብ የተወሰዱበት፣ መሬቱ ለነጭ ሰፋሪዎች የተሰጠበት አገር ነው። ዛሬ የሳምቡሩ እረኛ በድርቅ ከብቱ ሲያልቅ ሣሩ ከአጥር ወዲያ ይታየዋል። ከአጥሩ ወዲያ ያለው ነጭ ባለ ርስት ደግሞ እዚያው ተወልዷል፣ ሌላ አገር የለኝም ይላል። የእኛ ቦረናም ያንኑ ድርቅ ቀምሷል፤ የከብት ማለቅ ምን እንደሆነ ለሚያውቅ ሰው ይህ የሩቅ ወሬ አይደለም።

ልክ አልነበረም

ወንድሜ፣ የሚያናድደኝም እሱ ነው! የተነጠቀውንና የነጠቀውን ልጅ እኩል ወንበር ሰጥቶ ማስቀመጥ ፍትሕ ነው እንዴ? የ1911ን ውል አንተ ነገርከን እንጂ፣ ከብቱ ሲሞት እያየ የሚያለቅስ ተመልካች ስለ ውሉ ሊያስብ ጊዜ የለውም።

ልክ ነበር

እኩል ማዳመጥ እኩል መፍረድ አይደለም። ጠመንጃ በተማዘዙ ሰዎች መሃል አንዱን ብቻ ብትቀርጽ ሌላው በሩን ይዘጋባት ነበር። ያኔ ባለ ርስቶቹ እቤታቸው፣ እርስ በርሳቸው የሚያወሩትን ከየት እንሰማው ነበር? እኔ ስለ ፍርሃታቸውም ስለ ትዕቢታቸውም ያወቅሁት እሷና ሙሪሚ ሳሎናቸው ስለገቡ ነው። ሞሪያን የሚቀርጹ ግሪኮች ሞልተዋል።