«አትፈላሰፍ!» ለሚሉን ሁሉ ምስጋና ይድረስ

ዛሬ የማመሰግነው አንድ ቃል ነው። ቃሉ «አትፈላሰፍ» ይባላል። እንዲህ ያለ ሁለገብ ቃል በአማርኛ ያለ አይመስለኝም። ጥያቄ ይዘጋል፣ ልጅ ያስቀምጣል፣ የማያውቀውን ሰው አዋቂ ያስመስላል። ያውም በነጻ።

ቃሉ ሥራ ላይ ሲውል ያየሁት ባለፈው ወር ነው። የጦሳ ተራራ ጉሙን አውርዶ ደሴን ባለበሳት አንድ ቀን፣ የጽዋ ማኅበር ተራ የደረሳት ጎረቤቴ ቤት ተሰብስበን ነበር። ጸሎት ደርሷል፣ ዳቦው ተቆርሷል፣ ጠላው እየዞረ ነው። የባለቤቲቱ ልጅ ዘጠነኛ ክፍል ነው። ቆሎ ሊያዞር ገባና መሃል ላይ ቆሞ፣ «አባ፣ እግዚአብሔር ሁሉን ከፈጠረ ክፉን ነገር ማን ፈጠረው?» ብሎ መምሬን ጠየቃቸው።

ቤቱ ጸጥ አለ። መምሬ ብርጭቋቸውን አስቀመጡ። በወጣትነታቸው ዋድላ ድረስ ሄደው ቅኔ የቆጠሩ ሰው ናቸው፤ ጥያቄ ሲሰሙ ዓይናቸው ይበራል። «ልጄ፣ ይሄን እኮ ቅዱስ ባስልዮስም…» ብለው ሲጀምሩ የማኅበሩ ሙሴ፣ ማለትም መሪው፣ ከወዲያ ማዶ፣ «ኧረ ተው አንተ ልጅ! አትፈላሰፍ!» አሉ። ከዚያ ወደ መምሬ ዞሩ። «እርስዎም አባ፣ ከልጅ ጋር ይፈላሰፋሉ?»

መምሬ ወደ ቆሏቸው ተመለሱ። አለቀ። ቡና ሊጠጡ የመጡት ሙስሊም ጎረቤታችን ብቻ የልጁን ጀርባ መታ መታ አድርገው፣ «አይዞህ የኔ ልጅ፣ የእኛም ቤት አባወራ እንዲሁ ነው የሚል» አሉት።

ቅልጥፍናውን እዩልኝ። ባስልዮስ በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ለዚህችው ጥያቄ አንድ ሙሉ ስብከት አዘጋጅቶላታል። ክፋት ራሱን ችሎ የቆመ ፍጥረት አይደለም፤ የበጎ ነገር መጉደል ነው። የተፈጠረው ዓይን ነው፣ ዕውርነት የሚመጣው ዓይን ሲጠፋ ነው፤ እንዲህ እያለ ያብራራል። የእኛ ሙሴ በአንድ ቃል ጨረሱት። ባስልዮስ ምን ያድርግ፣ አቴና ሄዶ የግሪኮቹን ትምህርት ሲማር ወጣትነቱን አባክኗል። ያም ሆኖ ቤተ ክርስቲያናችን በስሙ የሚጠራውን ቅዳሴ ትቀድሳለች። ሙሴያችን ይሄን የሰሙ ቀን ቅዳሴው መሃል ምን እንደሚሉ እንጃ።

ደግሞ ባዶ እጃቸውን አይደሉም። ጥቅስ አላቸው። ቆላስይስ ምዕራፍ 2 ቁጥር 8፦ «በፍልስፍና በከንቱም መታለል ማንም እንዳይማርካችሁ ተጠበቁ»። ጥቅሱ እዚያው ላይ «እንደ ክርስቶስ ትምህርት ሳይሆን» እና «እንደ ሰው ወግ» የሚሉ ነገሮች አሉበት። እሳቸው ለእኛ አስበው አሳጥረውታል። ረጅም ጥቅስ ቡና ያቀዘቅዛል። በተለይ «የሰው ወግ» የሚለውን መዝለላቸው ብልህነት ነው። ያን ያነበበ ልጅ «ታዲያ ‹አትፈላሰፍ› ማለትስ የማን ወግ ነው?» ብሎ ሊጠይቅ ይችላላ!

የጥቅሱ ባለቤት ጳውሎስ መሆኑ ግን ትንሽ ያስቸግራል። ይኸው ጳውሎስ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 17 ላይ አቴና ገብቶ፣ ገበያ መሃል ከኤፊቆሮስና ከኢስጦኢኮች ወገን ከሆኑ ፈላስፎች ጋር ሲነጋገር እናገኘዋለን። ፈላስፎቹ «ይህ ለፍላፊ» ብለው ዘለፉት። እሱ አልተቀየማቸውም። አርዮስፋጎስ ላይ ቆሞ የገዛ ባለቅኔያቸውን ቃል እየጠቀሰ አስተማራቸው። አቴና ላይ «ለፍላፊ» የተባለ ሰው ደሴ ቢመጣ ደግሞ «ፈላስፋ» ተብሎ ሊሰደብ ነው። የት ይሂድ?

ጠበቃ ከተፈለገ ሙሴያችን አያጡም። ጠርጡልያኖስ የሚባል የካርታጎ ሰው «አቴናና ኢየሩሳሌምን ምን አገናኛቸው?» ብሎላቸዋል። ይሄን ያለው ሰው ዕድሜውን ሲከራከርና መጽሐፍ ሲጽፍ መኖሩን ግን አንንገራቸው።

ሌላው የቃሉ በረከት ሰላም ነው። ሰፈራችን ውስጥ ኦርቶዶክሱና ጴንጤው በጾሙም በአማላጅነቱም አይስማሙም። «አትፈላሰፍ» ላይ ግን አንድ ናቸው። ጴንጤው ጎረቤቴ «እውቀት ያስታብያል» ይላል። «ፍቅር ግን ያንጻል» የሚለውን እሱም ጊዜ ለመቆጠብ ዘሎታል።

ሙሴያችን ክርክር ሲይዙ እንዴት ያሉ ሰው መሰሏችሁ! አንድ ቀን ከዚሁ ጎረቤቴ ጋር ተያያዙ። «አካል ሌላ፣ ባሕርይ ሌላ! ሦስት አካል፣ አንድ ባሕርይ!» እያሉ ጠረጴዛ ሲደበድቡ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። በ325 እ.ኤ.አ. ኒቅያ ላይ የተሰበሰቡት አባቶች ወልድ ከአብ ጋር በባሕርይ አንድ መሆኑን ለመናገር፣ መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ የሌለ የግሪክ ቃል መጠቀም ግድ ሆኖባቸው ነበር። የቃሉ ሥር የፈላስፎች ሰፈር ልጅ ነው። ጸሎተ ሃይማኖት በደገምን ቁጥር የእሱን ሐሳብ ነው የምንደግመው። ይሄ ግን ፍልስፍና አይደለም። ፍልስፍና ማለት ሌላ ሰው የጠየቀው ነው።

የሚቆጨኝ ሙሴያችን ዘግይተው መወለዳቸው ነው። ቦሩ ሜዳ ከደሴ ትንሽ ወጣ ብላ ነው ያለችው። በ1870 ዓ.ም. አፄ ዮሐንስ እዚያ ጉባኤ አደረጉ። ንጉሥ ምኒልክም ነበሩ። ሊቃውንቱ ስለ ክርስቶስ «ሁለት ልደት» (ከአብና ከድንግል ማርያም)፣ «ሦስት ልደት» (በመንፈስ ቅዱስ መቀባቱን ጨምሮ) ተባብለው ተከራከሩ። ልደት ምንድን ነው፣ ባሕርይ ምንድን ነው፣ መቀባትስ ምን ማለት ነው? ሙሴያችን ቢኖሩ ገና በጠዋቱ «አትፈላሰፉ!» ብለው ሁሉንም ወደየደብሩ ይሸኙት ነበር። ስንቅም ይተርፍ ነበር። በመጨረሻ ሁለት ልደቶች ረቱ፣ የተረቱት ትምህርታቸው ተከለከለ። ይቺን የመጨረሻዋን እንኳ ሙሴያችን ይወዷታል።

የጥንቶቹ አባቶች ግን፣ እግዜር ይቅር ይበላቸው፣ በዚህ በኩል ዝርክርክ ነበሩ። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አባ ሚካኤል የፈላስፎችን አባባል የያዘውን «አንጋረ ፈላስፋ»ን ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ መለሱት። ሶቅራጥስና አፍላጦን (ፕላቶ) ግዕዝ እየተናገሩ ገዳም ገቡ። የዐረብኛው ምንጭ ደግሞ ባግዳድ ይኖር የነበረ ክርስቲያን ሐኪም ነው። የግሪክ ነገር፣ በዐረብኛ በኩል አድርጎ፣ ሐበሻ መነኩሴ እጅ ገባ። ለነገሩ ወሎዬ በዚህ አይገረምም። የእኛ ሰፈር ቡናስ ከዚህ በምን ይለያል?

ትርጓሜ ቤትም ያው ነው። አንድ ኃይለ ቃል ይዘው «አንድም» ይላሉ። አልበቃ ሲላቸው ደግሞ «አንድም» ብለው ሌላ ይጨምራሉ። ሙሴያችን ይህን ሁሉ ድካም አቅልለውታል፦ አንድም ዝም በል፤ አንድም ዝም በል። ዋድላ ላይም የቅኔ ተማሪ ለብቻው ዱር ገብቶ ሰምና ወርቁን ሲያወጣ ሲያወርድ ይውላል። ምን ያደርግለታል? ሰሙ ይበቃል። ወርቅ እንደሆነ ተወዷል።

በዚህ ወር ማኅበሩ ሌላ ቤት ነበር። ልጁ አልመጣም። ሙሴያችን ደግ ሰው ናቸው፤ «ምነው ልጅየው ጠፋ?» ብለው እናቱን ጠየቋት።

«ኧረ እሱ ከስልኩ አይለይም ጋሼ። ቲክቶክ ላይ አንድ ሰውዬ አግኝቷል። እምነት የሌለው ነው መሰለኝ። የጠየቀውን ሁሉ ቁጭ ብሎ ይመልስለታል» አለቻቸው።

«እሰይ» አሉ ሙሴያችን ዳቦ እየቆረሱ። «ዋናው እዚህ መጥቶ አለመፈላሰፉ ነው።»

መምሬ ብርጭቋቸውን አስቀመጡ። ትንሽ ቆይተው መልሰው አነሱት።